12 ዓመት በአንድ ከተማ

ዛሬ ከቤት መውጣት አላሰኘኝም። አቴንስ ላይ ዝናብ ሲጥል ሆድ ይብሰኛል። ስልኬ ደጋግሞ ጮኸ፣ አላነሳሁም። ቡናዬን ብቻዬን አፍልቼ ያንን ፊልም እንደገና ከፈትኩት። «አገላስቶስ ፔትራ»ን።

የፊሊፖስ ኩትሳፍቲስ ዘጋቢ ፊልም ነው። ሰውየው ሙያው ካሜራ ነው፤ የሌሎችን ፊልም ሲቀርጽ የኖረ። የራሱን ሊሠራ ሲነሳ ከአቴንስ ብዙም ወደማትርቀው ኤሌፍሲና ሄደ። 12 ዓመት ያህል እየተመላለሰ ቀረጻት። ፊልሙ በ2000 እንደ ፈረንጆቹ ሲወጣ አንድ ሰዓት ተኩል እንኳን አይሞላም።

12 ዓመት ሙሉ!

ኤሌፍሲና ጥንት የእህል አምላኳ የዴሜትር ከተማ ነበረች። ዴሜትር ልጇ ስትጠፋባት ቁጭ ብላ ያዘነችበት ድንጋይ ነው የፊልሙ ስም። ዛሬ እዚያው ሲሚንቶ ፋብሪካ አለ፣ ነዳጅ ማጣሪያ አለ፣ ባሕሩ ላይ ዝገት የበላው መርከብ አለ። በ1922 ከትንሿ እስያ የተፈናቀሉ ሰዎችም የሰፈሩባት ናት። ለፎቅ መሠረት ሲቆፈር የጥንት መቃብር ይወጣል። ኩትሳፍቲስ እዚያ ቆሞ ይቀርጻል።

እኔን ሁሌ ልቤን የሚነካኝ ግን አንድ ሽማግሌ ነው። ከተማዋን እየዞረ የጥንት ስባሪ ድንጋይ ይለቅማል። ሌላው ረግጦት ያለፈውን ጎንበስ ብሎ ያነሳል። ካሜራው ደጋግሞ ወደ እሱ ይመለሳል። የሳምንት ቀረጻ ቢሆን ኖሮ ይህ ሰው «እብድ ነው» ተብሎ ይታለፍ ነበር። ዓመታቱ ሲደራረቡ ግን የከተማዋ እውነተኛ ጠባቂ እሱ መሆኑ ይገባችኋል።

ከዚያ ሐሳቤ ሁሉ ወደ ንፍሮ ሄደ። ከዴሜትር ቤተ መቅደስ ፍርስራሽ ራስጌ አንዲት ትንሽ የማርያም ቤተ ክርስቲያን አለች። በኖቬምበር 21 ትነግሣለች። በዋዜማው ማታ ሴቶቹ የተቀቀለ እህል ይዘው ይወጣሉ። ስንዴ፣ ሽምብራ፣ ምስር፣ ላዩ ላይ የሮማን ፍሬ። ይባረክና ይታደላል። አምና ሄጄ ነበር። አንዲት እናት በእፍኜ ሞልተው «ብዪ ልጄ» አሉኝ። ገና ትኩስ ነበር። ንፍሮ ነው በቃ፣ የእናቴ ንፍሮ! የእህል አምላክ ስትለመንበት በኖረ ቦታ ላይ፣ ዛሬም እህል ይዘው ወደ አንዲት እናት ይወጣሉ። እንዲህ ያለውን ነገር አንድ ቀን መጥቶ የሚሄድ ሰው አያየውም። ዘሩም አዝመራውም አልፎ፣ ደግሞ ሌላ ዘር እስኪመጣ መቆየት ይጠይቃል።

ኩትሳፍቲስ አርካዲያ ስለምትባለው የግሪክ ክልል የሠራው ፊልም የወጣው በ2015 ነው። በየዓመቱ አዲስ ሥራ ያላሳየ በሚረሳበት ሙያ ውስጥ እንዲህ ተረጋግቶ መሥራት እንዴት ያለ ጽናት ነው! እኔ ይህን ሰው የምወደው ለዚህ ነው።

አንድ ነገር ግን አልገባኝም። ከተማዋ እንደሆነች አላለቀችም። ታዲያ ካሜራውን ያወረደው ምን አይቶ ነው? የቀጣዩን ዓመት ቁፋሮ፣ የቀጣዩን ዓመት ንፍሮ ሳይቀርጽ መተው እንዴት አስቻለው?