ሐራራ በጆሮ

ቅዳሜ ሌሊት፣ አራት ኪሎ

«ሪክዊም ፎር ኤ ድሪም»ን ለሦስተኛ ጊዜ አይቼ ገና መዝጋቴ ነው። እንቅልፍ እምቢ አለኝ። ዳረን አሮኖፍስኪ እ.ኤ.አ. በ2000 ያወጣው ፊልም ነው፤ ሦስት ወጣቶች በሄሮይን፣ አንዲት እናት በክብደት መቀነሻ ክኒን ሲያልቁ ያሳያል።

ዛሬ የያዘኝ ድምፁ ነው። ዕፁ በተወሰደ ቁጥር ያችው የተቆራረጠች ትዕይንት ትመለሳለች፦ አንድ ነገር ይቀደዳል፣ እሳት ይጫራል፣ ፈሳሽ ይንተከተካል፣ የዓይን ብሌን ይሰፋል። ጥቂት ሰከንድ፣ አለቀ። (ሄሮይን ብሌንን ያጠባል እንጂ አያሰፋም፤ እዚህ ላይ ፊልሙ ዋሽቷል። ይቅር ብዬዋለሁ።) ደስታውን ዘልሎታል ማለት ይቻላል፤ የሚደጋግመው ዝግጅቱን ነው።

ይህን ከጋሼ አውቀዋለሁ። ፒያሳ የነበረን የቀበሌ ቤት ሳይፈርስ በፊት፣ ታላቅ ወንድሜ ዘጠኝ ሰዓት ሲቃረብ ያዛጋል፣ በረባ ባልረባው ይቆጣል። ከዚያ ፍራሹን ያነጥፋል፣ ለውዙንና ውሃውን ያሰናዳል። የጫቱ ፌስታል ሲንኮሻኮሽ እማዬ ጓዳ ሆና «ጀመረ» ትላለች። እኔን የሚገርመኝ ግን ሌላ ነበር፦ ጋሼ አንድ ቅጠል ሳይቀነጥስ ፊቱ ይፈታል። ኮሽታው ብቻ ሐራራውን ያበርድለታል።

የኛዎቹ ፊልሞች ሱሰኛውን ያንገዳግዱታል፣ ክራር ያስለቅሱበታል፣ ሲብስ ጠበል ይወስዱታል። ቤት ውስጥ ተቀምጦ ሰዓት የሚጠብቀውን ሰው አላየሁባቸውም።

የ«ሪክዊም» ሙዚቃም እንዲሁ ነው። ክሊንት ማንሴል የጻፈውን፣ ክሮኖስ ኳርቴት በአራት ባለ አውታር መሣሪያ የሚጫወተውን ዜማ አንዴ ከሰሙት አይለቅም። ያው ሐረግ እየከበደ ይመለሳል። ቢሊ ዋይልደር እ.ኤ.አ. በ1945 ስለ ጠጪ ደራሲ በሠራው ፊልም ውስጥ ደግሞ ቴረሚን አለ፤ እጅ ሳይነካው የሚጮህ የኤሌክትሪክ መሣሪያ። የመጠጥ ጥማት ድምፅ ቢኖረው ያንን ይመስላል።

ጋሼ ካቆመ ሁለት ዓመት አልፎታል። ባለፈው እሁድ ሙዝ ይዤለት ሄድኩ። ፌስታሉን ጠረጴዛው ላይ ሳስቀምጥ ወሬውን አቋርጦ ዞረ። ሙዙን አየ፣ ከዚያ እኔን።

«ምን ነበር የምልሽ?» አለኝ።