«ያየው ሰው አለ ወይ?»

ሰሜን ካሊፎርኒያ በሚገኝ አንድ ሆስፒታል ላቦራቶሪ ውስጥ፣ የጥገኛ ተውሳክ ምርመራ ላይ ነው የምሠራው። ከቆዳ ክሊኒክ ከሚላኩልን ናሙናዎች መካከል ታካሚው ራሱ ከገላው ለቅሞ ያመጣቸው አሉ። አንዳንዱ በትንሽ ብልቃጥ፣ አንዳንዱ በፕላስተር ላይ ተለጥፎ ይመጣል። ሰማያዊና ቀይ ክር፣ ጥቁር ነጥብ፣ የደረቀ ቅርፊት ነው። ባለቤቶቹ ቆዳቸው ሥር አንዳች ነገር እንደሚሄድ፣ ሌሊት ውርር እንደሚያደርጋቸውና እንደሚነክሳቸው ይናገራሉ። ብዙዎቹ ሕመሙን «ሞርጌሎንስ» ይሉታል። አብዛኛው ሐኪም ደግሞ ችግሩ ከአእምሮ ነው ይላል።

ስሙን ያወጡለት በ2002 (እ.ኤ.አ.) ሜሪ ሌይታኦ የተባሉ የፔንሲልቬንያ እናት ናቸው። ከትንሽ ልጃቸው ቁስል ላይ ክር አይተው ሐኪም ቤት ቢመላለሱም መልስ አጡ። በመጨረሻ እንግሊዛዊው ሐኪም ቶማስ ብራውን በ17ኛው ክፍለ ዘመን ስለ ፈረንሳይ ሕፃናት ከጻፉት ደብዳቤ ላይ ስያሜውን ወሰዱ። ከዚያ በኋላ በሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች «የእኔም ሕመም ይኸው ነው» ብለው ተነሡ። የአሜሪካ የበሽታ መቆጣጠሪያና መከላከያ ማዕከል እዚሁ ሰሜን ካሊፎርኒያ ውስጥ 115 ሰዎችን አጥንቶ በ2012 ውጤቱን አወጣ። ሕመሙን የሚያመጣ ተውሳክም ሆነ ጀርም አልተገኘም፤ ከቆዳቸው የተወሰደው ክር በአብዛኛው ጥጥ ነበር። በመዥገር ከሚተላለፈው የላይም በሽታ ጋር የሚያያይዙት ጥቂት ተመራማሪዎች ግን ይህን አልተቀበሉም። ክርክሩ ዛሬም አለ።

ወደ ገጠመኜ ልግባ። (ሰዎቹ እንዳይታወቁ አንዳንድ ነገር ቀይሬአለሁ።)

አንድ ቀን ረፋድ ላይ ሃምሳ ዓመት ያለፋቸው ሴት ናሙና መቀበያው መስኮት ጋ መጥተው ቆሙ። ክንዳቸው በፋሻ ተጠቅልሏል። እዚህ አገር የላቦራቶሪ ውጤት ወዲያው በታካሚው ስልክ ላይ ይታያል። ስልካቸውን ወደ እኛ አዙረው የእኛኑ ሪፖርት አሳዩን፤ «ተውሳክ አልታየም» ይላል፣ ሌላ ምንም የለም። ከሥሩ የሐኪማቸው ማስታወሻ አለ፤ በሌለ ነገር የሚያምኑ ሰው ተብለው ተጽፈዋል። «ያመጣሁትን ያየው ሰው አለ ወይ? ወይስ ስሜን አይታችሁ ነው የጣላችሁት?» አሉ። ድምፃቸው ይንቀጠቀጥ ነበር።

ጥያቄያቸው ተገቢ ነበር። እንዲህ ዓይነት ናሙና ሲመጣ በእኛ ክፍል ይሳቅ ነበር፤ ክዳኑን ከፍቶ በዓይን ብቻ አይቶ የሚጽፍም አልጠፋም። ይህ በጣም ያናድደኛል። በሙያው ውስጥ «የክብሪት ቀፎ ምልክት» የሚባል አሮጌ አባባል አለ። ታካሚው የለቀመውን በክብሪት ቀፎ ይዞ ከመጣ፣ ማምጣቱ ራሱ ለአእምሮ ሕመሙ ማስረጃ ይሆንበታል ማለት ነው። ሌላው ሰው ግን መዥገር ከእግሩ ነቅሎ ቢያመጣልን «ጎበዝ፣ ደግ አደረግህ» እንለዋለን።

እኔ ሙያውን የተማርኩት ጅማ ነው። እዚያ በጥቁር ዝንብ ንክሻ ለሚተላለፈው የትል በሽታ፣ ለኦንኮሰርሲያሲስ ምርመራ ከታካሚው ዳሌ ላይ ቁንጣሪ ቆዳ ይወሰድና ጨዋማ ውሃ ውስጥ ይቀመጣል። ቆይቶ በማይክሮስኮፕ ሲታይ እጮቹ ከቆዳው ወጥተው ሲገላበጡ በዓይን ይታያሉ። እነዚያ ገበሬዎች እስኪደሙ ያክኩ ነበር። ያንን ያየ ሰው «ቆዳዬ ውስጥ የሚሄድ ነገር አለ» የሚለውን ቃል ሲሰማ አይስቅም።

ኃላፊያችንን አስፈቅጄ ብልቃጡን እንደገና አወጣሁት። ያለውን ሁሉ በየስላይዱ አድርጌ ረጋ ብዬ አየሁ። ሰማያዊው ክር ጠፍጣፋ ሆኖ እንደ ሪባን የተጠማዘዘ ነው፤ ይህ የጥጥ ጠባይ ነው። ቀዩ ለስላሳና ከጫፍ እስከ ጫፍ ውፍረቱ እኩል የሆነ ሰው ሠራሽ ክር ነው። ጥቁሩ ነጥብ የደረቀ ደም፣ ነጩ የተላጠ ቆዳ፣ አንዱ ደግሞ ከገላ የተነቀለ ስስ ፀጉር ነው። እግር ያለው ነገር የለም፣ እንቁላልም የለም። ሁሉንም አንድ በአንድ ጻፍኩ፤ ፎቶም አያያዝኩ።

ሴትየዋ ሐኪም ቀየሩ። አዲሷ ዶክተር በሪፖርቱ ላይ ደውለው አነጋገሩኝና ታካሚዋን ይዘው ወደ ላቦራቶሪያችን መጡ። ባለሁለት መመልከቻው ማይክሮስኮፕ ላይ ጎን ለጎን ተቀምጠው ስላይዶቹን አዩ። ሴትየዋ «ታዲያ ለምን ከቁስሌ ይወጣል?» ብለው ጠየቁ። ዶክተሯ እርጥብ ቁስል ከፎጣ፣ ከአንሶላና ከልብስ ላይ ክር እንደሚይዝ፣ ሲደርቅም ክሩ ቅርፊቱ ውስጥ እንደሚቀር አስረዱ። ቀጥለው «የሚሰማዎት ግን እውነት ነው፤ እሱን አልጠራጠርም» አሏቸው። ሴትየዋ ለመጀመሪያ ጊዜ ገላቸውን በበረኪና እንደሚታጠቡ የተናገሩት ከዚያ በኋላ ነው። ቁስሉ ለምን እንደማይድን ከምክንያቶቹ አንዱ ይኸው ነበር፤ ለቀድሞው ሐኪም አልነገሩም።

ቫይታሚን ቢ12፣ ታይሮይድ፣ ስኳር፣ ኩላሊትና ጉበት ተመረመሩ፤ የሚወስዷቸው መድኃኒቶችም ተፈተሹ። እነዚህ ሁሉ ውርር የሚያደርግ ስሜት ሊያመጡ ይችላሉ። በእሳቸው ግን ምንም አልተገኘም። ዶክተሯ ሪስፔሪዶን የተባለውን የአእምሮ ሕመም መድኃኒት በትንሽ መጠን ሲያዙላቸው «እብድ አይደለሁም» ብለው እምቢ አሉ። ክትትሉን ግን አላቋረጡም፤ ብዙ ቆይተው መድኃኒቱን ጀመሩ። የክንዳቸው ቁስል አብዛኛው ድኗል። ሕመሙን አሁንም ሞርጌሎንስ ነው የሚሉት፤ ዶክተሯም በስሙ አይከራከሯቸውም።

ከዚያ ወዲህ አንድ ሰው ያመጣው ናሙና ደረሰን፤ ፋይሉ ላይ ያው የአእምሮ ነው የሚል ማስታወሻ አለ። ፕላስተሩ ላይ ከክርና ከቅርፊት መሐል ስምንት እግር ያላት፣ በወፍ ላይ የምትኖር ደቃቅ ተባይ (ማይት) ተጣብቃ አገኘኋት። የመኝታ ቤቱ መስኮት ላይ ርግብ ጎጆ ሠርታ ኖሯል። ጎጆው ተነሥቶ ክፍሉ ሲጸዳ ማሳከኩ ቆመ።

አሁን በክፍላችን «ተውሳክ አልታየም» ብሎ ብቻ መጻፍ ቀርቷል። የታየው ነገር ይዘረዘራል፣ ፎቶ ይያያዛል። በእያንዳንዱ ናሙና ላይ ሥራ ይጨምርብናል፤ ኃላፊያችንም ለዚያ የሚሆን ጊዜ ከሌላው ሥራ ቀንሶ ሰጥቶናል።