ጥቅሱ የት ሄደ?

ዛሬ ቀኑን ሙሉ ከብዶኝ ነው የዋለው። ለምን እንደሆነ አልመረምረውም። ነሐሴ ነው፣ ፍልሰታ ነው፣ ዝናቡም ከጠዋት ጀምሮ አላባራም።  ወደ ማታ ቤት መቀመጥ ሲያቅተኝ ነጠላዬን ለብሼ፣ ላዩ ላይ ጋቢ ደርቤ ወደ ሠርክ ጉባኤ ወጣሁ። አንድ ቃል ፈልጌ ነበር። ይዤው የምተኛው አንድ ቃል ብቻ።

ሰባኪው ወጣት ነው። ድምፁ ያምራል፣ አማርኛው ይፈሳል፣ ታሪክ ሲያወራ የት ጋ ቆም እንደሚል ያውቃል። ሞንታርቦው ሰፈሩን ሁሉ ያዳርሳል። ሰዉ ሳቀ፣ እልል አለ፣ አጨበጨበ። "አሜን አትሉም እንዴ?" ሲባል አሜን አለ፤ እኔም አልኩ። ሲያልቅ ወደ ፒያሳ እየወረድኩ "የዛሬው ጥቅስ ምን ነበር?" ብዬ ራሴን ጠየቅሁ። ጠፋኝ። ውጭ አገር ኖሮ የተመለሰው ሰውዬ ታሪክ ትዝ ይለኛል። ሚስቱ የመለሰችለትም ትዝ ይለኛል። ሰባኪው ላቡን በነጠላው ጫፍ ሲጠርግ እንኳ ትዝ ይለኛል። ጥቅሱ ግን የለም።

ለማማት አይደለም፣ ጾም ላይ ነን። ልጁ ከልቡ ይደክማል፣ ያስታውቃል። ንግግር ማሳመርም ኃጢአት አይደለም። ነገር በምሳሌ፣ ጠጅ በብርሌ የሚል ሕዝብ ደረቅ ነገር አይሰማም። ጌታም ቢሆን ለሕዝቡ ያለ ምሳሌ አልተናገረም ይላል ወንጌሉ። ዘሪ ሊዘራ ወጣ ሲላቸው ሰሚዎቹ ዘሩንም እሾሁንም ጭንጫውንም ያውቁታል። ግን የዘሪው ምሳሌ ሲያልቅ ሰው የሚጠይቀው ስለ ራሱ ነው። እኔ የትኛው መሬት ነኝ ይላል። እኔ ዛሬ ታሪኩ ሲያልቅ የጠየቅሁት ይህ ልጅ ይህን ሁሉ ከየት ያመጣዋል ብዬ ነው። ልዩነቱ እዚህ ጋ ይመስለኛል። አንዱ ታሪክ ወደ ቃሉ ይመራሃል፣ አንዱ ወደ ተናጋሪው።

ቅዱስ ጳውሎስ ለሮሜ ሰዎች "ያለ ሰባኪስ እንዴት ይሰማሉ?" ብሎ ጽፏል፤ ምዕራፍ 10 ላይ። እምነት ከመስማት ነው የሚለውም እዚያው ነው። ይህን ሳስብ የሰባኪ ሥራ ያስፈራኛል። ሰው የሚያምነው ሰምቶ ከሆነ፣ ያ ሰው ማታ ምን ሰምቶ ተኛ የሚለው ቀላል ነገር አይደለም ማለት ነው። ይኸው ጳውሎስ የቆሮንቶስን ሰዎች በሚያባብል የጥበብ ቃል አልሰበክሁላችሁም ይላቸዋል። ይህን ያለው መናገር የማይችል ሰው እንዳይመስላችሁ። አቴና ላይ ቆሞ የአገሬውን ባለቅኔዎች እየጠቀሰ የተናገረ ሰው ነው። ጥበቡ እያለው ነው ከቃሉ ኋላ ያስቆመው።

ደግሞ እኛ ጎንደር ነን እኮ። የአንድምታ አገር፣ መጽሐፍ "አንድም" እየተባለ በብዙ ፍቺ የሚተረጎምበት። ዛሬ ይበልጥ ያዘንኩት ይህን ሳስብ ነው። በዚህ በፍልሰታ ሰሞን ውዳሴ ማርያምና ቅዳሴ ማርያም ይተረጎማል፣ የሄደ ያውቀዋል። አንዱ ግእዙን ያነባል። የኔታ ተቀምጠው ቃሉን ይፈቱታል፣ ከዚያ ሐተታ፣ ከዚያ አንድም፣ ደግሞ አንድም፤ ከነቢያት አንድ መስመር፣ ከሐዋርያት አንድ መስመር ይጠሩና "እንዲል" ብለው ያስሩታል። ዓይናቸው መጽሐፉ ላይ ነው። እኛን የሚያዩን አልፎ አልፎ ነው። ያ አቀማመጥ ራሱ ትምህርት ነው እላለሁ። መጽሐፉ ከላይ፣ መምህሩ ከሥር፣ እኛም ከሥር። ሁላችንም ወደ አንድ ነገር እያየን ነው።

እዚህ ከተማ ውስጥ ሊቃውንቱ ዕድሜያቸውን ጨርሰውበታል። ከመምህር ወደ ተማሪ በቃል እየተላለፈ፣ እየተከራከሩበት፣ ላይ ቤትና ታች ቤት ተብሎ በሁለት የትርጓሜ ወገን እስኪለይ ድረስ። ታች ቤት ሲነሣ የመምህር ኤስድሮስ ስም አብሮ ይነሣል። ሁለቱ ቤቶች የማይገጥሙበት ቦታ አለ፣ ግን ሁለቱም ከንባቡ አይለቁም። ደስ የሚለኝ ነገር፣ አንድ መስመር ሁለትና ሦስት ፍቺ ጎን ለጎን ቆሞለት መምህሩ ይህንን ብቻ ያዙ ብለው አይጫኑህም። ሁሉንም ይዘህ ቤትህ ትገባለህ። መንገድ ላይ ታመነዥገዋለህ። ይህ ለእኔ ትልቅ ትሕትና ነው፤ የእግዚአብሔር ቃል ከማንም ሰው አፍ እንደሚሰፋ ማመን ነው። ሞንታርቦ ላይ የምንሰማው ስብከት ግን ብዙ ጊዜ አንድ ትርጉም ብቻ ይዞ ይመጣል፣ እሱም ሰባኪው ዛሬ ሊነግረን የፈለገው ነገር ነው፣ ጥቅሱ ከኋላ ተፈልጎ የተለጠፈለት።

የቅዳሴ ማርያም ነገር ከተነሣ አይቀር፣ የአባ ሕርያቆስን ታሪክ አስቡት። የብሕንሳ ኤጲስ ቆጶስ ነበር፣ ትምህርቱ ግን ብዙ አልነበረም ይባላል። ካህናቱ ይንቁት ነበር። አንድ ቀን ሊያሳፍሩት ቀድስልን አሉት። እሱም ቆሞ "ጎሥዓ ልብየ ቃለ ሠናየ"፣ ልቤ መልካም ነገርን አወጣ፣ ብሎ ጀመረ፣ ቅዳሴ ማርያም ተገልጦለት እስከ መጨረሻው አደረሰው። ይህን ታሪክ ስሰማ የኖርኩት ላልተማረ ሰው እንደተሰጠ ጸጋ አድርጌ ነው፣ ነውም። ዛሬ ግን ሌላ ነገር ታየኝ። ማንም ያልሰማው አዲስ ምስጋና በአፉ ሲሰጠው እንኳ የጀመረው በዳዊት ቃል ነው፣ በመዝሙር 44። ከራሱ አልጀመረም።

ቤተ ክርስቲያን ይህን አስባበታለች። ግጻዌን፣ የየዕለቱን ንባብ የሚወስነውን መጽሐፍ፣ ያወጣችው ለምን ይመስላችኋል? የዕለቱ ምስባክ፣ ከዳዊት የሚዜመው ጥቅስ፣ ተወስኗል፣ መልእክቱ ተወስኗል፣ ወንጌሉ ተወስኗል። ሰባኪው ደስ ያለውን ሳይሆን የተሰጠውን ይዞ ነው የሚወጣው። የዐቢይ ጾም አራተኛው እሑድ መጻጉዕ ነው። ቢመችህም ባይመችህም 38 ዓመት የታመመውን ሰው ይዘህ ዐውደ ምሕረት ላይ ትቆማለህ።

ከሰማኋቸው ስብከቶች ሁሉ ያልለቀቀኝም የመጻጉዕ ነው። የዚያን ዓመት እኔም ከባድ ጊዜ ላይ ነበርኩ። ያስተማሩት ሸምገል ያሉ አባት ናቸው። ድምፃቸው አይወጣም፣ ማይኩም ይቆራረጣል። ጌታ "ልትድን ትወዳለህን?" ብሎ ሲጠይቀው ሰውየው አዎ አላለም አሉ። "ሰው የለኝም" ነው ያለው። እዚያች ቃል ላይ ቆሙ። አንድም ሮሮ ነው አሉ፤ ቀድሞ የገባ የሚድንበት ውኃ በተናወጠ ቁጥር ሌላው ሲቀድመው ያየ ሰው ብሶት ነው። አንድም ጸሎት ነው፤ ማን ፊት እንደቆመ ሳያውቅ ችግሩን ለፈጣሪው ነገረ። አንድም ለእኛ ወቀሳ ነው፤ ያ ሁሉ ሕዝብ በሚመላለስበት ቦታ አንድ ሰው እንዴት ይጠፋል? ከዚያ "ሰው የለኝም ያለው ሰው ሆኖ ለመጣለት ጌታ ነው" አሉና ትንሽ ዝም አሉ።

ይኸው ነበር። የሚያስቅ ነገር አልነበረውም፣ የሚያስጨበጭብም። ጥበብ ግን ነበረው፤ ጥበብ የለውም የሚለኝ ሰው ካለ አልቀበለውም። ከምዕራፉ ሁሉ ሁለት ቃል መርጠው ከዚያ ንቅንቅ አላሉም። የት ዝም እንደሚሉም ያውቁ ነበር። ግን እኔ እሳቸውን እያየሁ አልነበረም። አልጋው ላይ ያለውን ሰውዬ ነበር የማየው፣ ቆይቶ ደግሞ ራሴን፣ ከዚያም በራችን ላይ አልፌያቸው የምሄድ ሰዎችን።

ጭብጨባው ደግሞ የዛሬ ነገር አይደለም። ዮሐንስ አፈወርቅን አስቡት። እንደ አውሮፓ አቆጣጠር በ387 የአንጾኪያ ሰዎች በግብር ተቆጥተው የንጉሡን ሐውልቶች ሰባብረው ቅጣቱን በፍርሃት ሲጠብቁ፣ ጾሙን ሙሉ ሲያጽናናቸውና ሲገሥጻቸው የከረመ ሰው ነው። ሲያስተምር ያጨበጭቡለት ነበር። ቁስጥንጥንያ ከተሾመ በኋላ አንድ ቀን የሐዋርያት ሥራን ሲተረጉም፣ ከእንግዲህ በቤተ ክርስቲያን ጭብጨባ ይቅር፣ ሥርዓት እናድርገው አላቸው። ለዚያም አጨበጨቡለት። ልቤን የነካው ግን እዚያው የተናገረው ነው፤ ሲያጨበጭቡልኝ ሰው ነኝና ደስ ይለኛል፣ ቤት ገብቼ ያጨበጨቡት ምንም ሳይጠቀሙ መሄዳቸውን ሳስብ ግን አዝናለሁ፣ አለቅሳለሁ ይላል። አፈ ወርቅ የተባለ ሰው ቤቱ ገብቶ ሲያለቅስ! በ407 በስደት መንገድ ላይ ነው ያረፈው። ዛሬ በስሙ የሚጠራ ቅዳሴ አለን፣ ከ14ቱ ቅዳሴያት አንዱ።

ጌታም ናዝሬት ምኩራብ ገብቶ ከኢሳይያስ አነበበ፣ መጽሐፉን ጠቅልሎ ለአገልጋዩ ሰጠና ተቀመጠ። "ዛሬ ይህ መጽሐፍ በጆሮአችሁ ተፈጸመ" አላቸው። መጀመሪያ አደነቁ። ወዲያው ግን ከከተማ አውጥተው ከኮረብታው አፋፍ ሊጥሉት ወሰዱት። ስለዚህ ጉባኤው ሞቀ አልሞቀ የሚለው ወሬ ምንም አይነግረኝም።

ይህን ሁሉ እሱም ሰባኪ ለሆነ አንድ ጓደኛዬ ደውዬ አወራሁት። ዝም ብሎ ሰማኝ፣ ከዚያ "አየሽ እህቴ፣" አለኝ፣ "አንቺ የኔታ ሥር ቁጭ ብለሽ አድገሻል። እኔ ጋ የምትመጣው ቀኑን ሙሉ ሽንኩርት ስትሸጥ የዋለች እናት ናት። ባጃጅ ሲነዳ የዋለ ልጅ ነው። የሚሰጠኝ ግማሽ ሰዓት ነው። አንድም አንድም እያልኩ ብቆይ እንቅልፍ ይወስዳቸዋል። ጳውሎስ ራሱ ጢሮአዳ ላይ እስከ እኩለ ሌሊት ቢያስረዝመው አውጤኪስ ተኝቶበት ከሦስተኛው ደርብ ወድቋል።" እውነቱን ነው። ስልካቸው ላይ ያለው ሌላ ድምፅ ሁሉ ይጠብቃቸዋል። እሱ ካልያዛቸው ያ ይይዛቸዋል።

እኔ ደግሞ ፊልጶስን አነሣሁበት። የኛው ጃንደረባ ሰረገላው ላይ ኢሳይያስን እያነበበ "የሚመራኝ ሳይኖር ይህ እንዴት ይቻለኛል?" ሲለው፣ ፊልጶስ አጠገቡ ተቀምጦ የጀመረው ሰውየው ከሚያነበው ከዚያው ጥቅስ ነው። አጠመቀው። ከዚያ መንፈስ ፊልጶስን ነጠቀው፣ ጃንደረባው ደግሞ ሰባኪውን ሳያይ ደስ ብሎት መንገዱን ሄደ። በአንድ መንገድ ላይ ያለቀ ነገር ነው፣ ዓመት አልፈጀም አልኩት። ሽንኩርት ሻጯም እኮ በልቧ የያዘችው ጥያቄ አላት፣ ተኝታ አይደለም የምትመጣው።

እሱም ትንሽ አሰበና ነገ ተራው የሱ እንደሆነ ነገረኝ። ምን ላንብብ አለኝ። ግጻዌው ያለውን፣ ቀስ ብለህ፣ ሁለት ጊዜ አልኩት።

"እሺ፣" አለ፣ "ካነበብኩት በኋላስ? የመጀመሪያው ዓረፍተ ነገሬ ምን ይሁን?"

እስካሁን አልመለስኩለትም። እናንተ ብትሆኑ ምን ትሉት ነበር?