«ናኖ» የተባለው ፊልተርና የቦይለራችን ነገር

ገላን ውስጥ ካሉት ፋብሪካዎች በአንዱ፣ የውሃና የእንፋሎት ክፍል ነው የምሠራው። ከቃሊቲ ተነስቶ አቃቂን አልፎ ወደ ዱከም የሚወስደውን የድሮውን መንገድ የሚያውቅ ሰው ሰፈሩን አያጣውም። ውሃ የምንቀዳው ከራሳችን ጉድጓድ ነው። ሲያዩት ኩልል ያለ ነው። ግን ካልሲየምና ማግኒዥየም በብዛት አለበት፤ ሃርድነሱ ከፍ ያለ ነው እንላለን። ለመጠጥ ክፉ አይደለም። ውሃ አፍልቶ እንፋሎት ለሚያወጣው ቦይለር ግን ጠላት ነው። ውሃው ሲፈላ ካልሲየሙ ቱቦው ላይ እየተጋገረ ድንጋይ ይሆናል። ስኬል የምንለው እሱን ነው።

ስኬልን ስንከላከል የኖርነው በሶፍትነር ነው። በውስጡ ያለው ሬዚን የሚባል የፕላስቲክ ፍሬ ካልሲየሙን ይይዝና በምትኩ ሶዲየም ይለቃል። ሬዚኑ ሲጠግብ በጨው ውሃ ይታጠባል። ጨው ደግሞ በኩንታል ነው የሚበላው። የአፍዴራ ጨው የጫነው መኪና ከዘገየ እኛ ጋ ሁሉም ላይ ታች ይላል። ጨዋማው እጣቢ የት እንደሚደፋም ሌላ ራስ ምታት ነው። ስለዚህ አንድ አቅራቢ «ጨው የማይፈልግ ናኖ ፊልተር አለኝ» ብሎ ሲመጣ አመራሩ ጆሮ ቢሰጠው አይፈረድበትም።

የግዢ ሰነዱ ላይ የሰፈረው «ናኖ ፊልተር፣ ለቦይለር ውሃ» የሚል ብቻ ነበር። ምን ያህል ካልሲየም እንደሚያስቀር፣ በስንት ግፊት እንደሚሠራ የሚል ዝርዝር የለውም። አቅራቢው ማሽኑን ተክሎ ሲያስረክብ ያሳየው ነገር ዓይን የሚማርክ ነበር። በባልዲ ጭቃ በጥብጦ በአንድ በኩል አስገባ። በሌላው በኩል ጥርት ያለ ውሃ ወጣ። በብርጭቆ ቀድቶ ራሱ ጠጣው። ሰው አጨበጨበ። በርክክቡ ዕለት ድፍርስነትና ባክቴሪያ ተለካ፤ ሁለቱንም በሚገባ አለፈ። ሃርድነስ የሚል መስመር ቅጹ ላይ አልነበረም። ሶፍትነሩ ተዘጋ።

ነገሩን መጀመሪያ የነቁበት የቦይለር ኦፕሬተራችን ናቸው። ሁላችንም ጋሼ ነው የምንላቸው። ጠዋት ሲገቡ መጀመሪያ የሚያዩት የጭስ ማውጫውን ቴርሞሜትር ነው፤ የግፊት ጌጁን ከዚያ በኋላ ነው የሚያዩት። አንድ ቀን ላብራቶሪው በር ላይ ቆሙ።

«ልጆች፣ ጭሱ ሙቀት ጨምሯል። እሳቱ ያው ነው፣ እንፋሎቱም ያው ነው። ሙቀቱ ውሃው ውስጥ ካልገባ የት ሄደ?»

ነዳጁም ከወትሮው ቶሎ ቶሎ ማለቅ ጀምሮ ነበር። ስኬል ሙቀት የማሳለፍ አቅሙ ከብረት በእጅጉ ያንሳል። ቱቦው ላይ በስሱ ሲጋገር እንኳ ወደ ውሃው መግባት የነበረበት ሙቀት በጭስ ማውጫው ይወጣል። ሲወፍር ደግሞ ቱቦው ራሱ ከልክ በላይ ይግላል፤ ይላሽቃል፤ ይሰነጠቃል። ይህ እንግዲህ የገንዘብ ጉዳይ ብቻ አይደለም። ቦይለሩ አጠገብ ቀንና ሌሊት ሰው ይሠራል።

የላብራቶሪዋ ልጅ ጊዜ አላጠፋችም። ከማሽኑ በፊትና ከማሽኑ በኋላ ናሙና ቀዳች። በሁለት ፍላስክ እኩል ለካች። የውሃውን የአሲድነት መጠን የሚያረጋጋውን፣ አሞኒያ ያለበትን በፈር የሚባል ፈሳሽ ጨመረች፤ ሽታው አፍንጫ ይሰነፍጣል። ከዚያ በማንኪያ ጫፍ ኤሪዮክሮም ብላክ ቲ የሚባለውን ጥቁር ዱቄት ነሰነሰችበት። ካልሲየምና ማግኒዥየም ያለበት ውሃ ወዲያው ወደ ወይን ጠጅ ቀለም ይለወጣል። የሌለበት ሰማያዊ ይሆናል። ሁለቱም ፍላስኮች ወይን ጠጅ ሆኑ። ቢዩሬት የሚባለውን ባለ ልኬት የመስታወት ቱቦ ከፍታ፣ ካልሲየምና ማግኒዥየሙን የሚይዘውን ኢዲቲኤ የተባለ ፈሳሽ ጠብ ጠብ እያደረገች ፍላስኩን ማሽከርከር ጀመረች። ቀለሙ ቀስ እያለ ሐምራዊ ሆነ፤ ከዚያ በአንዲት ጠብታ ድንገት ሰማያዊ። የወረደውን መጠን መዘገበች። ሁለተኛውንም እንዲሁ አደረገች። የሁለቱ ልዩነት ከንባብ ስህተት አይበልጥም። ማሽኑ ከካልሲየሙ ምንም አላስቀረም ማለት ነው።

ቦይለሩን በዚያው ቀን አስቆምን። ከቀዘቀዘ በኋላ ተከፍቶ ሲታይ ቱቦዎቹ ግራጫ ቅርፊት ለብሰዋል። ጋሼ በካቻቢቴ ጫፍ ፈልቀቅ አድርገው መዳፌ ላይ አስቀመጡልኝ። ቅርፊቱ ስስ ነው፤ ግን በጥፍር አይፋቅም። በአሲድ እስኪታጠብ ድረስ ምርት ቆመ።

አቅራቢው ተጠራ። ካታሎጉን ይዞ ነው የመጣው። ገጹን ገልጦ ጠረጴዛው ላይ ዘረጋው።

«እህቴ፣ ተመልከቺው። የቀዳዳው ስፋት 0.01 ማይክሮን ነው። ይሄ 10 ናኖሜትር ነው። ናኖ አላችሁኝ፣ ናኖ አመጣሁ። ጥፋቴ ምኑ ላይ ነው?»

ይህ ጥያቄ በዋዛ የሚታለፍ አይደለም። ሰውየው ሊያጭበረብር የመጣ አልመሰለኝም፤ ስሌቱም ልክ ነው። አንድ ማይክሮን 1000 ናኖሜትር ነው። አንድ ናኖሜትር ደግሞ የሜትር አንድ ቢሊዮንኛ ነው። ዓለም አቀፉ የደረጃዎች ድርጅት፣ አይ ኤስ ኦ፣ ናኖ ልኬት የሚለው ከ1 እስከ 100 ናኖሜትር ገደማ ያለውን ነው። 10 ናኖሜትር መሐሉ ላይ ይወድቃል። በዚህ ሚዛን ከሄድን ሰውየው ይረታል።

ልጅቷ ግን ዝግጁ ነበረች። «ኢንጂነር፣ ቁጥርዎ ትክክል ነው። ይሄ ሜምብሬን፣ ማለት የሚያጣራው ስስ ሽፋን፣ ግን በሙያው አጠራር አልትራፊልትሬሽን ነው። ናኖፊልትሬሽን ሌላ ነው። እኛ ደግሞ የሚያስፈልገን እሱ ነበር» አለችው።

እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፤ ብዙ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ስለሆነ። በግፊት የሚሠሩ የውሃ ሜምብሬኖች ከሰፊ ወደ ጠባብ ሲደረደሩ ማይክሮፊልትሬሽን፣ አልትራፊልትሬሽን፣ ናኖፊልትሬሽን እያሉ ሄደው ሪቨርስ ኦስሞሲስ ላይ ያበቃሉ። የአልትራፊልትሬሽን ቀዳዳ በናኖሜትር ሊለካ ይችላል፤ ከጥቂት ናኖሜትር እስከ መቶ ገደማ ይደርሳል። ባክቴሪያን ያስቀራል፤ አብዛኛውን ቫይረስም ይይዛል፤ ጭቃን ደግሞ ድራሹን ያጠፋዋል። ውሃ ውስጥ የሟሟ ነገር ግን በመሐሉ ሰተት ብሎ ያልፋል። የካልሲየም አዮን፣ ማለት የኤሌክትሪክ ቻርጅ የተሸከመው የሟሟ ካልሲየም ቅንጣት፣ የውሃ ሞለኪውሎች ዙሪያውን ከበውት እንኳ ከ1 ናኖሜትር ያንሳል። ሻይ በማጥለያ ሲጠለል ቅጠሉ ይቀራል፣ ስኳሩ ግን ብርጭቆው ውስጥ ይገባል። የእኛም ማሽን ያደረገው ይህንኑ ነው። ቅጠሉን አስቀረልን፤ እኛን የጎዳን ስኳሩ ነበር።

ናኖፊልትሬሽን የሚለው ስም የመጣው እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ ነው። ከዚያ በፊት ይህን መሰሉን ሜምብሬን «ላላ ያለ ሪቨርስ ኦስሞሲስ» ነበር የሚሉት። አዲሱ ስም የወጣለት 1 ናኖሜትር አካባቢ የሆኑ ነገሮችን ስለሚያስቀር ነው። ቁም ነገሩ ደግሞ ስፋት ብቻ አይደለም። የሜምብሬኑ ገጽ ብዙውን ጊዜ ኔጋቲቭ ቻርጅ አለው። ስለዚህ እንደ ሰልፌት ያለውን ድርብ ቻርጅ የተሸከመ አዮን አጥብቆ ይገፋል። ካልሲየምና ማግኒዥየምም በአብዛኛው ይቀራሉ። ሶዲየምና ክሎራይድ ግን ነጠላ ቻርጅ ስላላቸው ብዙው ያልፋል። አምራቾች ናኖፊልትሬሽንን በማግኒዥየም ሰልፌት፣ ሪቨርስ ኦስሞሲስን በገበታ ጨው የሚፈትኑት በዚህ ምክንያት ነው። ስሙ የሚናገረው ምን እንደሚያስቀር ነው። አንድ ነገር በናኖሜትር ስለተለካ ብቻ ስሙን አያገኝም።

ይህ የላብራቶሪ ወሬ አይደለም። ፓሪስ አጠገብ ሜሪ ሱር ዋዝ በተባለ ቦታ ያለው ጣቢያ እ.ኤ.አ. ከ1999 ጀምሮ የዋዝን ወንዝ ውሃ በናኖፊልትሬሽን ያጣራል፤ አቅሙ በቀን 140,000 ሜትር ኩብ ነው። እዚያ የተመረጠው የእርሻ ፀረ ተባይ ቅሪትንና የሟሟ ኦርጋኒክ ነገርን እንዲያስቀር ነው።

ሁለቱን ሳይከፍቱ ከውጭ መለየትም ይቻላል። ናኖፊልትሬሽን ጠንከር ያለ ግፊት ይፈልጋል፤ ብዙውን ጊዜ ከ5 ባር በላይ። የራሱ የግፊት ፓምፕ አለው። ሥራ ላይ እያለ ደግሞ መውጫው ሁልጊዜ ሁለት ነው፦ በአንዱ የተጣራው፣ በሌላው የቀረውን ካልሲየም ጠቅልሎ የሚወጣው ውሃ። ያስቀረው ነገር የሆነ ቦታ መሄድ አለበታ! የእኛ ማሽን ከጉድጓዱ በሚመጣው ግፊት ብቻ ነበር የሚሠራው። አልፎ አልፎ ራሱን ወደ ኋላ ከማጠቡ በቀር የገባው ሁሉ በአንድ ቧንቧ ይወጣል። ጋሼ ይህን ሲሰሙ ራሳቸውን ነቀነቁ። «ታዲያ ይሄማ ያስቀረው ካልሲየም የት ገባ ብሎ የሚጠይቅ ሰው ነው የጠፋው» አሉ።

ናኖ የሚለው ቃል ከተማው ውስጥ እንደ ልብ ነው የሚረጨው። መኪና የሚያሳምሩት ናኖ ይላሉ፤ የስልክ መስታወት የሚለጥፉትም ናኖ ይላሉ። ናኖ ሲም የምንለው ካርድ 12.3 በ8.8 ሚሊሜትር ነው፤ እዚያ ላይ ናኖ ማለት ከማይክሮ ሲም አነስ ያለ ማለት እንጂ ሌላ አይደለም። በሲም ካርድ ማንም አይጎዳም። በውሃ ግን ሰው ይጎዳል። እኔን የሚያንገበግበኝ ይሄ ነው።

ይህን የምለው በምክንያት ነው። በዚያው ሰሞን ጋሼ ልጅቷን ለብቻዋ ጠሯት። ወንጂ የምትኖር እህት አለቻቸው። የስምጥ ሸለቆ ውሃ የፍሎራይድ ችግር የታወቀ ነው፤ ወንጂ ደግሞ በዚህ ስሟ በተደጋጋሚ ይነሳል። የልጆች ጥርስ ይበልዛል፤ ብዙ ዓመት ከተጠጣ አጥንትም ይጎዳል። የዓለም ጤና ድርጅት በመጠጥ ውሃ ከ1.5 ሚሊግራም በሊትር እንዳይበልጥ ይመክራል። ለእህታቸው አንድ ሻጭ «ናኖ ነው፣ ሁሉንም ያጣራል» ብሎ የቤት ፊልተር ሊሸጥላት ነው። ጋሼ ዕቃው ላይ የተለጠፈውን ጽሑፍ በስልክ አስነስተው አምጥተውታል። ልጅቷ አሳድጋ አየችው። 0.01 ማይክሮን ይላል።

«ጋሼ፣ ይሄ ከጀርም ያድናል። ፍሎራይድ ግን አይዝም። ፍሎራይድ የሟሟ ነገር ነው፤ ከካልሲየሙ ጋር አብሮ ያልፋል» አለቻቸው። ሻጩን እንዲጠይቁት የነገረቻቸው አንድ ነገር ብቻ ነው፦ ስንት ሚሊግራም ፍሎራይድ ገብቶ ስንት እንደሚወጣ በጽሑፍ ይስጥ። ለፍሎራይድ ሪቨርስ ኦስሞሲስ አለ፤ በእኛ አገር ስምጥ ሸለቆ ውስጥ ደግሞ የአጥንት ከሰል የሚጠቀሙ አሉ። ሻጩ ወረቀቱን አልሰጠም። ጋሼም ገንዘቡን አልላኩም።

ወደ ፋብሪካው ልመለስ። የግዢ ሰነዱ እንደገና ተጻፈ። በዚህኛው ላይ ናኖ የሚለው ቃል ርዕሱ ላይ ብቻ ነው ያለው። ከሥሩ ያለው ሁሉ ቁጥር ነው፦ በማግኒዥየም ሰልፌት ሲፈተን ስንት በመቶ እንደሚያስቀር፣ ፈተናው በየትኛው ግፊትና ሙቀት እንደተደረገ፣ የእኛ የጉድጓድ ውሃ ሲገባበት የሚወጣው ሃርድነስ ከስንት እንዳይበልጥ፣ ከገባው ውሃ ምን ያህሉ በሁለተኛው ቧንቧ እንደሚወጣ። ርክክብ የሚፈጸመው ልጅቷ በቢዩሬቷ ለክታ ስትፈርም ነው። ያው አቅራቢ ተወዳደረ። በዚህኛው ዙር የሜምብሬኑን የፈተና ወረቀት ይዞ ነው የመጣው፤ ዋጋውም የሚያዋጣ ስለነበር አሸነፈ። ማሽኑን ሲተክል ልጅቷን አጠገቡ አቁሞ እየጠየቃት ነበር።

የመጀመሪያው ማሽን አልተነቀለም። አልትራፊልትሬሽን ጭቃና ባክቴሪያ በማስቀረት ጎበዝ ነው፤ ከናኖፊልትሬሽኑ ፊት ቀድሞ ሲሠራ የኋለኛው ሜምብሬን ቶሎ አይደፈንም። ሶፍትነሩም ተመልሶ ተከፈተ። ናኖፊልትሬሽን ሃርድነሱን በብዙ ቢቀንሰውም ቦይለር የሚፈልገው ዜሮ አካባቢ ነው፤ የተረፈችውን ሬዚኑ ይለቅማታል። የሚደርሰው ካልሲየም ጥቂት ስለሆነ ሬዚኑ የሚታጠበው አልፎ አልፎ ነው፤ ጨዉም እንደ ድሮው በኩንታል አይሄድም። በሁለተኛው ቧንቧ የሚወጣው ውሃ ለሽንት ቤትና ለወለል ማጠቢያ ወደተለየው ታንከር ይገባል።

አሁን የቀረን ከድንጋይና ከአሸዋ የሚሟሟው፣ እሱም ቱቦ ላይ የሚጋገረው ሲሊካ ነው። እንደኛ ባለው እሳተ ገሞራ በፈጠረው መሬት ከጉድጓድ የሚወጣ ውሃ ሲሊካ አያጣም። ሲሊካ ደግሞ ውሃው ውስጥ ሲሆን ባብዛኛው ቻርጅ ስለሌለው ናኖፊልትሬሽን በደንብ አይገፋውም። ለጊዜው በብሎውዳውን፣ ማለት የቦይለሩን ውሃ በየጊዜው በከፊል እያፈሰስን፣ እየተቆጣጠርነው ነው፤ በየስንት ሰዓቱ ይከፈት በሚለው ላይ ጋሼና ልጅቷ ገና አልተስማሙም።