ስኳር ፈጅ

አበባ ይበላል ሲባል ጎጃም ውስጥ ቶሎ ትዝ የሚለው ኮሶ ነው። ስለዚህ ጥር ላይ አንድ የሙሽራ ቤተሰብ ለመልስ የሚሆን «በጽጌረዳ የተሠራ የቸኮሌት ፈጅ» ሲያዝ የሆቴላችን ወጥ ቤት ግማሹ ሳቀ፣ ግማሹ አማተበ። ያልሳቁት እትዬ ብቻ ነበሩ። «በሶብላውን ከነአበባው አድርቃችሁ ሽሮ ላይ ስትጨምሩ ኖራችሁ ዛሬ አበባ ይበላል ወይ ትላላችሁ?» ብለው ወደ ሽንኩርታቸው ዞሩ።

ስሙን ግን አልማሩትም። «ጊዜ ፈጅ አውቃለሁ፣ ነገረ ፈጅም አውቃለሁ፤ ይሄ ደግሞ ምን ፈጅ ነው?» ሲሉት ሼፉ «ዝም ብሎ ፈጅ ነው እትዬ፣ በስኳርና በወተት የሚሠራ ለስላሳ የፈረንጅ ከረሜላ በሉት» አላቸው። ማታ ላይ ሁለት ኪሎ ከአራት መቶ ግራም ስኳር ጠጠር ሆኖ ትሪ ላይ ሲቀር ስሙን ራሳቸው ሞሉት፦ ስኳር ፈጅ። ያን ሰሞን ደብረ ማርቆስ ላይ ስኳር በሰልፍ ነበርና ቀልዱ ያሳቀው ጥቂት ሰው ነው።

አሠራሩ ወረቀት ላይ ቀላል ነው። በየጎኑ 20 ሴንቲ ሜትር ለሆነ አንድ ትሪ 600 ግራም ስኳር፣ 60 ግራም ኮኮዋ፣ 350 ሚሊ ሊትር ወተት፣ 60 ግራም የገበታ ቅቤ፣ አንድ የሾርባ ማንኪያ ማር፣ ቁንጥር ጨው። ቅቤው የገበታ ካልሆነና በኮሰረት የተነጠረ ከገባ ጽጌረዳው ይቅርና ቸኮሌቱም አይሰማም። ማሩ በበቆሎ ሽሮፕ ቦታ ነው የሚገባው፤ ሥራቸው አንድ ነው፣ ስኳሩ ተመልሶ ፍሬ እንዳይሠራ ያደናቅፉታል። ማር ሞልቷል ተብሎ ሦስት ማንኪያ ከተጨመረ ግን ፈጁ ልል ሆኖ ይቀራል። ሼፉ ይህን ሁሉ በአራት አባዝቶ በአንድ ብረት ድስት ጣደው። ይህ ራሱ ጥፋት ነው፤ አራት እጥፍ ድስት ቶሎ አይበርድም፣ በማማሰያ ሲመታም ክንድ ይጨርሳል። የዚያን ቀን ጣጣ ግን ከዚህ አልመጣም።

አበባው ላይ ሼፉን መውቀስ አይቻልም፤ ያውቅበታል። ከአበባ ሻጭ የመጣ ጽጌረዳ አልተቀበለም። ለጠረጴዛ ጌጥ የሚያድግ አበባ የተባይ መድኃኒት የተረጨ ነው፣ ለመብላት ታስቦም አይደለም፤ ማጠብ አያድነውም። ከአንዲት እናት ግቢ፣ መድኃኒት ነክቶት ከማያውቅ ተክል፣ ጠዋት ጤዛው እንደ ደረቀ አስለቅሞ አመጣ። የአበባው ቅጠል ሥሩ ላይ ያለችው ነጭ ክፍል ተቆርጣ ትጣላለች፤ ምሬቱ እዚያ ነው። ከዚያ ሰፌድ ላይ ተሰጥቶ ጥላ ውስጥ ሦስት አራት ቀን ይቆያል። ፀሐይ ላይ ከተሰጣ መልኩ ይነጣል፣ ሽታውም አብሮ ይሄዳል። የደረሰው በጣት ሲታሽ እንደ ሻይ ቅጠል ኮሽ ይላል። እርጥቡን ፈጅ ላይ መበተን ለፎቶ ያምራል፤ በማግስቱ ጠቁሮ፣ ዙሪያውን ውሃ አቁሮ ይገኛል፣ ሻጋታውም የሚጀምረው ከዚያ ነው።

መዓዛው የሚወጣው በወተቱ ነው። ለ350 ሚሊ ሊትር ሁለት የሾርባ ማንኪያ የደረቀ ቅጠል፤ ወተቱ ሊፈላ ሲል ይወርድና ቅጠሉ ገብቶበት፣ ተከድኖ 20 ደቂቃ ይቀመጣል። ከተጠለለ በኋላ ቅጠሉ የጠጣውን ያህል ወተት ይተካል። ላቬንደር ከሆነ አንድ የሻይ ማንኪያ ይበቃል፤ ከዚያ ካለፈ ሳሙና ሳሙና ይላል። የጥብስ ቅጠል አበባ፣ ያቺ ሰማያዊዋ ትንሿ፣ መዘፍዘፍ አያስፈልጋትም፤ መጨረሻ ላይ ላዩ ላይ ትበተናለች። ከርከዴ ግን ወተት ውስጥ አይገባም። አንዷ ረዳት «ቀላ ይበል ብለዋል» ብላ ከርከዴ ትኩስ ወተት ላይ ጨምራ አይብ አወጣች፤ ኮምጣጣ ነው፣ ወተት ይበጥሳል። እሱን የፈለገ አድቅቆ የረጋው ላይ ይነስንስ። አደይ ይግባበት ያለም ነበር፤ አደይን ለንቧ ተዉላት፣ በማሩ በኩል ትመጣለች። አጥር ሥር የሚበቅለው አስተናግር ደግሞ መለከት የመሰለ ነጭ ውብ አበባ አለው። መርዝ ነው፤ ከሚበላ አበባ ጋር አንድ ሰፌድ ላይ እንኳ አይሰጣም።

ወደ ምድጃው እንመለስ። የገበያችን ስኳር ፍሬው ወፍራም ስለሆነ በቀስታ እሳት እየተማሰለ ሙሉ በሙሉ ሳይሟሟ መፍላት የለበትም፤ ማማሰያው የድስቱን ሥር ሲነካ መንኮሻኮሹን ካቆመ ሟሟ ማለት ነው። ድስቱ ጎን ላይ የተረጨው በእርጥብ ብሩሽ ይታጠባል፤ እዚያ የደረቀች አንዲት የስኳር ፍሬ ወደ ውስጥ ከወደቀች ድስቱን ሙሉ ፍሬነቷን ታስኮርጃለች። አንዴ ከፈላ በኋላ ማማሰያ አይገባም። ሼፉ ይህን ሁሉ በትክክል አደረገ። ቴርሞሜትሩን ድስቱ ጠርዝ ላይ ሰክቶ እጁን አጣጥፎ ቆመ። መጽሐፉ 114 ዲግሪ ይላል።

106 ላይ ሲደርስ እትዬ ቀዝቃዛ ውሃ በብርጭቆ ይዘው መጡ። በማንኪያ ጫፍ ቀድተው ውሃው ውስጥ ጠብ አደረጉና በጣታቸው ሰበሰቡት። ድቡልቡል ሆነ። ከውሃው ሲያወጡት መዳፋቸው ላይ ቀስ ብሎ ተኛ፣ እንደ ሊጥ።

«ደርሷል። አውርደው።»

«ገና ነው እትዬ። 114 ይላል።»

«ማን?»

«መጽሐፉ።»

«መጽሐፉ ማርቆስን ያውቃታል?»

ሼፉ ሳቀ። ረዳቶቹም ሳቁ፤ ሼፍ ሲስቅ አብሮ መሳቅ ደመወዙ ውስጥ ያለ ነው። እትዬ ድቡልቡሏን አፋቸው ውስጥ ጨመሩና ብርጭቋቸውን አለቅልቀው፣ ደፍተው፣ ወደ ሽንኩርቱ ተመለሱ። ክፉ ቃል አልወጣቸውም። ብርጭቆው ሲደፋ ያሰማው «ቋ» ያለ ድምፅ ግን ከማንኛውም ስድብ ይበልጥ ነበር። ቴርሞሜትሩ ቀሪዋን 8 ዲግሪ ቀስ እያለ ወጣ፤ አረፋው እየከበደ፣ የሚፈነዳውም እየሰነፈ ሄደ። ዓይን ላለው ሰው ይህም ይናገር ነበር።

ለስላሳ ድቡልቡል ማለት 85 በመቶ ያህሉ ስኳር፣ የቀረው ውሃ የሆነ ሽሮፕ ነው። ከዚያ አልፎ 92 በመቶ ሲደርስ ድቡልቡሉ ውሃው ውስጥ ጠጠር ይሆናል፤ ያ ለፈጅ አይሆንም። የሼፉ ድስት እዚያ ደርሶ ነበር። ሲመታ ማማሰያው መሀል ላይ ተገትሮ ቀረ። ትሪ ላይ የተገለበጠው ቢላዋ አልገባው ብሎ በዘነዘና ተሰበረ።

«ቴርሞሜትሩ ነው» አለ ሼፉ። ውሃ አፍልቶ ከተተው፤ 92 አሳየ። «ይኸው! 8 ዲግሪ ያጎድላል!» ነገሩ መስመር የያዘ መሰለ። ከአንድ ኬክ ቤት ሌላ ተዋሰ፤ እሱም 92። «ሁለቱም ከአንድ ፋብሪካ ናቸው» አለ። ይህን ጊዜ ሰሃን የሚያጥበው የማታ ተማሪ፣ ስሙ እዚህ አያስፈልግም፣ «ሼፍ፣ ማርቆስ እኮ ከባሕር ወለል 2,400 ሜትር በላይ ናት። ውሃ እዚህ በ92 ነው የሚፈላው» አለ። በየ300 ሜትሩ ከፍታ አንድ ዲግሪ ያህል ይቀንሳል፤ የአየሩ ጫና ሲያንስ ውሃ ሳይግል ይፈላል፣ የስኳር ሽሮፕም እንደዚያው። የመጽሐፉ 114 ማርቆስ ላይ 106 ነው። ልጁ ይህን ተናግሮ ሲጨርስ ሰሃኑን እንዲጨርስ ተነገረው።

በማግስቱ እትዬ ድስቱን ተረከቡ፤ አንድ ትሪ ብቻ፣ 600 ግራም። በብርጭቆ ውሃ ለክተው በልኩ አወረዱት። ታሪኩ እዚህ ላይ ቢያልቅ ለእትዬ ጥሩ ነበር፤ ሲያወሩት እዚህ ላይ የሚያቆሙትም ብዙ ናቸው። እሳቸው ግን ድስቱ ገና እየተንተከተከ ሳለ ማማሰያ አንስተው እንደ ገንፎ ያገላብጡት ገቡ። «እትዬ፣ 45 ዲግሪ እስኪወርድ አይነካም» አላቸው ሼፉ። «ሳይማሰል የሚበስል ነገር አይቼ አላውቅም። ይጓጉላል!» ትኩስ ሳለ የተማሰለ ስኳር ጥቂት ፍሬ ይጀምርና እነሱው እየወፈሩ ይሄዳሉ። ከቀዘቀዘ በኋላ ሲመታ ግን እልፍ ደቃቅ ፍሬ በአንዴ ይወለዳል፣ ምላስ አይለየውም። የእትዬ ፈጅ ጥርስ ላይ አሸዋ ሆነ። ሼፉ አንድ ቃል አልተናገረም። አንድ ቁራጭ አንስቶ፣ ቀስ አድርጎ፣ ሁሉም እስኪሰማ አኘከው።

ሁለቱም ዓይነት ብልሽት ይድናል። ለአንድ ትሪ ግማሽ ብርጭቆ ያህል ወተት ጨምሮ፣ በቀስታ እሳት አሟሙቶ፣ ጎኑን አጥቦ እንደገና ወደ ልኩ ማድረስ ነው። ሁለተኛ እሳት የማይችለው መዓዛው ነው፤ በኖ ይሄዳል። ስለዚህ የሚጨመረው ወተት ራሱ አበባ የተዘፈዘፈበት መሆን አለበት። የእትዬ ትሪ እንዲህ ዳነ። የሼፉን ግን ማንም ሊያድነው አልቸኮለም፤ እየተፈለጠ ሳምንቱን ሙሉ የሠራተኛ ቡና ቁርስ ሆነ።

ለመልሱ የቀረበው በእትዬ ብርጭቆ ተለክቶ በሼፉ ትዕግሥት የቀዘቀዘው ነው። ቅቤው ላዩ ላይ ተጥሎ ሳይነካ ቆየ፤ የድስቱ ሥር በመዳፍ ሲዳሰስ ለብ ሲል መምታት ተጀመረ። 10፣ 12 ደቂቃ ነው። መጀመሪያ እንደ መስታወት ያበራል፣ ማማሰያውም እየከበደ ይመጣል፤ ድንገት ወዙ ጥፍት ይላል። ወደ ትሪ የሚገለበጠው ያኔውኑ ነው፤ «ቆይ ስልክ ላንሳ» ያለ ሰው ፈጁን ድስት ውስጥ ረግቶ ያገኘዋል። የደረቀው ጽጌረዳ ላዩ ላይ ተበትኖ በመዳፍ ጫን ጫን ተደረገ። መልሱ ላይ አንድ ሽማግሌ ቅጠሉን አንድ በአንድ ለቅመው አውጥተው ቸኮሌቱን ብቻ በሉ ተባለ፤ ከኮሶ ዘመን ሰው ከዚህ በላይ አይጠበቅም።

በሳምንቱ ወጥ ቤቱ ግድግዳ ላይ በፕላስቲክ የታሸገ ወረቀት ተለጠፈ። «ፈጅ፦ በ106 ዲግሪ ይወርዳል። በ45 ይመታል። ከዚህ ውጭ መሥራት ክልክል ነው።» ከሥሩ የሼፉ ፊርማ አለ። ለአዳዲስ ረዳቶችም «በሙከራ የደረስኩበት ነው» ይላቸው ነበር። እትዬ መነጽራቸውን አድርገው አነበቡት። «ፊርማው ያምራል» አሉ።

ከዓመት በኋላ ሼፉ ባሕር ዳር ሌላ ሆቴል ገባ። አንድ ቀን ከሰዓት ደወለ፣ ስልኩ በድምፅ ማጉያ ተከፈተ። «እህሳ፣ ደኅና ናችሁ?» ከተባባልን በኋላ ነገሩን አወጣ። ፈጁ ልል እየሆነ ቢላዋ ላይ ይጣበቅበታል፣ ሳጥን ውስጥ ሲደረደርም እርስ በርሱ ይያያዛል። ስንት ላይ ነው የምታወርደው? 106 ላይ። በትክክል ነው ወይ? በትክክል፣ ቴርሞሜትሩም አዲስ ነው። ባሕር ዳር 1,800 ሜትር አካባቢ ናት፣ ውሃዋ በ94 ይፈላል፣ ፈጇም 108 ትፈልጋለች። ግድግዳው ላይ መጻፍ የነበረበት ውሃ አፍልቶ፣ ቴርሞሜትሩ ያሳየው ላይ 14 መደመር ነበር። ሰሃን አጣቢው ይህን አስልቶ ሳይጨርስ እትዬ ከሽንኩርታቸው ቀና አሉ።

«ባሕር ዳር ብርጭቆ የለም እንዴ?»