«ልጄ፣ ያልሽኝን ሁሉ አድርጌያለሁ»

የምሠራው እንስሳት ክሊኒክ ውስጥ ነው። ሐኪም አይደለሁም። እንስሳቱን እቀበላለሁ፣ እመዝናለሁ፣ ለባለቤቶቻቸው ምክር እሰጣለሁ። አዲስ ቡችላ የያዘ ሰው ብዙ ጊዜ መጀመሪያ የሚጠይቀኝ ስለ ሽንት ነው። ስለዚህ መልሱን በቃሌ ይዤዋለሁ። ያሳሳተኝም እሱ ነው።

አንድ ቀን አንዲት እናት የ5 ወር ሴት ቡችላ ይዘው መጡ። «ምንጣፉን ጨረሰችው እኮ!» አሉኝ። እኔም የለመድኩትን ዘረዘርኩ። ከእንቅልፍ ስትነቃ፣ ስትበላ፣ ተጫውታ ስታበቃ ወዲያው ያውጧት። ውጭ ስትሸና እዚያው ቆመው ያሞግሷት፤ ቤት ከገባች በኋላ ቢሸልሟት ለምን እንደሆነ አይገባትም። አሞኒያ ባለው ማጽጃ አያጽዱ፤ ሽታው ሽንት ስለሚመስላት ተመልሳ እዚያው ትሸናለች። ኢንዛይም ያለው፣ ማለትም የሽንቱን ቅሪት የሚያፈራርስ ንጥረ ነገር ያለው ማጽጃ ይሻላል። አመስግነው ሄዱ።

በሳምንቱ ተመለሱ። ፊታቸው ጠቁሯል። «ልጄ፣ ያልሽኝን ሁሉ አድርጌያለሁ። በየሰዓቱ አወጣታለሁ። ጭራሽ ባሰባት።» ከዚያ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉና፣ አንድ ቀን ተናደው አፍንጫዋን ሽንቷ ላይ እንደደፈቁት ነገሩኝ። ልቀበላት ጎንበስ ስል ቡችላዋ ተኮማትራ እግሬ ሥር ሸናች።

ሐኪማችን አጠገቤ ነበር። የጠየቃቸው አንድ ነገር ብቻ ነው። «ከዚህ በፊት ለምዳ ነበር?»

«እንዴታ! ሦስት ሳምንት ሙሉ ጠብታ አላየሁም ነበር።»

ያኔ ክው አልኩ። ለምዳ የነበረች ቡችላ በድንገት ከረሳች መጀመሪያ የሚታየው ጤናዋ ነው። ይህን አውቃለሁ። ግን አልጠየቅኩም። ሽንቷ ሲመረመር ኢንፌክሽን ተገኘ። ለካ ቶሎ ቶሎ ጠብ ጠብ የምታደርገው አሟት ነው። ያቃጥላታል፣ መቋጠር አትችልም። እኛ ደግሞ ሳምንት ሙሉ ሥነ ሥርዓት ልናስተምራት ስንታገል ከረምን። አሁንም ሳስበው ያመኛል።

መድኃኒቷ ተሰጣት። እግሬ ሥር የሸናችው ግን ከሕመሙ ብቻ አልነበረም፤ ፍርሃትም ነበረበት። ከላይ ሲያጎነብሱባት ወይም ሲቆጧት የምትሸና ቡችላ «አትምቱኝ» እያለች ነው። ይህን በቁጣ ማስተው አይቻልም፤ ቁጣ ይጨምርበታል። ለእናትየው ይህንን ቀስ ብዬ አስረዳኋቸው። አለቀሱ። «አላወቅኩም እኮ» አሉ። እኔም ባለመጠየቄ ይቅርታ ጠየቅኳቸው።

አሁን በምሞላው ቅጽ ላይ፣ ከክብደት በፊት፣ «ከመቼ ጀምሮ? በፊት ለምዳ ነበር?» የሚል መስመር ጨምሬያለሁ። ምክር የምጀምረው እሱ ከተሞላ በኋላ ነው።

ቡችላዋ ሕክምናዋን ጨርሳ ለክትትል ስትመጣ አላጎነበስኩባትም። ወለሉ ላይ ጎኔን ሰጥቻት ተቀመጥኩ፤ ዓይኗንም አላየሁም። ጥቂት ቆይታ ራሷ መጣች። እጄን አሸተተች። ወለሉ ደረቅ ነበር።