ሺምባሺ ላይ ሺሮ ያዘዝኩ ለት

ማክሰኞ ነበር። ካቾ ጠረጴዛቸው ላይ ሦስት የጥሬ ቡና ናሙና ዘርግተው ፍሬ በፍሬ ያገላብጣሉ፤ እኔ አጠገባቸው ቆሜ መልስ እጠብቃለሁ። (ካቾ ስማቸው አይደለም፣ የክፍል ኃላፊ ማለት ነው። ቶኪዮ ውስጥ አለቃን በማዕረጉ መጥራት የተለመደ ነው።) ጥያቄዬ አጭር ነበር። አዲስ አበባ ያሉት ላኪያችን 320 ጆንያ የሲዳማ ቡና ኮንቴይነር ውስጥ አስገብተው ዓርብ ወደ ጅቡቲ ሊያስነሱ ቸኩለዋል፤ እኛ ዘንድ የሚደረገው የፀረ ተባይ ቅሪት ምርመራ ውጤት ግን ገና አልወጣም። «ውጤቱን ሳንጠብቅ ጭነቱ ይነሳ?» አልኳቸው።

ካቾ ቀና አሉ። አንገታቸውን ወደ ጎን ዘንበል አድርገው በጥርሳቸው መሃል አየር ወደ ውስጥ ሳቡ፤ «ስስስ» የሚል ድምፅ ተሰማ። ከዚያ «ቾቶ...» አሉና ዝም። ተመልሰው ናሙናቸው ላይ አቀረቀሩ።

እኔ በተማርኩበት መጽሐፍ «ቾቶ» ማለት «ትንሽ» ነው። አየር ወደ ውስጥ መሳብን ደግሞ ለሐበሻ ልጅ ማን ያስተምረዋል? እናቴ ስልክ ላይ የወሬዋን ግማሽ የምትጨርሰው በእሱ ነው። እ! በቃ፣ አዎ ማለት ነው፣ ገባኝ ማለት ነው። ሁለቱን ደመርኳቸው፦ ትንሽ ያስቸግራል፣ ግን እሺ። ወንበሬ ላይ ሳልቀመጥ ለላኪው «ተስማምተዋል፣ ይጫን» ብዬ ጻፍኩላቸው።

በጃፓንኛዬ የምተማመንበት ምክንያት ነበረኝ። ከአምስቱ የጃፓንኛ ፈተና ደረጃዎች መሃለኛውን፣ ኤን ስሪ የሚሉትን፣ አልፌ ወረቀቱን ግድግዳ ላይ ሰቅያለሁ። የዚያ ፈተና ጉዱ መናገር የሚባል ክፍል የሌለው መሆኑ ነው። ታነባለህ፣ ታዳምጣለህ፣ ክቡን ታጠቁራለህ፣ ታልፋለህ። የምኖረው ደግሞ ካትሱሺካ ወረዳ፣ ዮትሱጊ አካባቢ ነው፤ ቶኪዮ ውስጥ ሐበሻ በብዛት የሚገኝበት ሰፈር። ከሥራ ወጥቼ ባቡር ላይ ተኛሁ፣ ወረድኩ፣ እንጀራ በላሁ፣ በአማርኛ ተጨቃጨቅሁ፣ ተኛሁ። ጃፓንኛ የምናገረው ለቢሮ ሰው ብቻ ነበር፤ ቢሮ ውስጥ ደግሞ ማንም የሚያርምህ የለም።

አንድ ጊዜ ብቻ ነገር ተነቅቶብኛል። በገባሁ በሁለተኛው ሳምንት ከጎኔ የሚቀመጡት አዛውንት ስለ መጋዘኑ ቁልፍ ሲያስረዱኝ፣ በየመሃሉ «እ! እ!» እያልኩ ወደ ውስጥ ስተነፍስ፣ ተነሥተው ሄደው ውሃ አመጡልኝ። አስም ያለብኝ መስሏቸው ነው። ሲገባቸው በጣም ሳቁ፤ ከዚያ ወዲህ ይመስለኛል ለአንድ የምሽት ዙር ያስመዘገቡኝ። ከአስተማሪ ጋር መጠጥ ቤት ለመጠጥ ቤት እየዞርክ ጃፓንኛ ማውራት የምትለማመድበት ነው። ቀኑ ዓርብ፣ ቦታው ሺምባሺ።

ሺምባሺ የቢሮ ሠራተኛ ሰፈር ነው። የጃፓን የመጀመሪያው ባቡር እ.ኤ.አ. በ1872 የተነሣው ከዚያ ወደ ዮኮሃማ ነው፤ ጣቢያው ፊት ለፊት ባለው አደባባይ አንድ ጥቁር አሮጌ የእንፋሎት ባቡር ቆሟል፤ ሰው ሁሉ የሚቀጣጠረው እሱ ሥር ነው። ሳየው ለገሃር ትዝ አለኝ። መሪያችን አምሳውን ያለፉ ሴት ናቸው፣ ድምፃቸው ጎርናና። አራት ነን፦ አንዲት ፊሊፒናዊት ነርስ፣ አንድ ብራዚላዊ የፋብሪካ ሠራተኛ፣ አንድ ካናዳዊ ጡረተኛ እና እኔ። «ከአሁን ጀምሮ እንግሊዝኛ የተነፈሰ ለሁላችን ኤዳማሜ ይገዛል» ብለው አወጁ። ኤዳማሜ ከነልጣጩ ተቀቅሎ ጨው የተነሰነሰበት የአኩሪ አተር እሸት ነው። ካናዳዊው ገና መንገድ ሳንሻገር ከፈለ።

እዚያ መጠጥ ቤት የሚለየው በራፉ ላይ በሚንጠለጠል ቀይ የወረቀት ፋኖስ ነው። (ቀይ መብራት ስላችሁ የድሮው አዲስ አበባ ትዝ እንዳይላችሁ፤ እዚህ ጥብስና ቢራ ብቻ ነው።) የመጀመሪያው ቤት ወንበር የለውም፤ ሁሉም ቆሞ ነው የሚጠጣው። ያላዘዝከው ትንሽ ሳህን ይቀርብልሃል፣ ኦቶሺ ይባላል፣ ሒሳብ ላይም ይደመራል፤ ብራዚላዊው «አላዘዝኩም» ብሎ ሊከራከር ሲል በዓይናቸው አስቆሙት። ለራስህ አትቀዳም፣ ለጎረቤትህ ትቀዳለህ፣ እሱ ደግሞ ላንተ። ይህን እንኳ ጉርሻ ለሚያውቅ ማስረዳት አያስፈልግም። ሒሳብ ስትፈልግ ሁለት አመልካች ጣቶችህን አጣልፈህ ኤክስ ትሠራለህ። ጉርሻ፣ ማለትም ቲፕ፣ የለም።

ትምህርቱ የጀመረው «ሃይ» ላይ ነው። ሁላችንም «ሃይ» «አዎ» ነው ብለን የገባን ነን። እሳቸው በብርጭቋቸው ጠረጴዛውን መታ፣ መታ እያደረጉ አስረዱን። ሰው ሲያወራ በየመሃሉ የሚጣለው «ሃይ፣ ኤ፣ ናሩሆዶ» አይዙቺ ይባላል፤ ቃሉ የመጣው ሁለት ቀጥቃጮች አንድ ብረት በተራ ሲመቱ ከሚያሰሙት መዶሻ ነው። አንዱ ይመታል፣ ሌላው ይከተላል። ሁለተኛው መዶሻ «እየሰማሁህ ነው» ይላል እንጂ «ተስማምቻለሁ» አይልም። ይህን ሲሉ ሆዴን አንዳች ነገር ጎረበጠኝ፤ ግን ቢራው ቀዝቃዛ ነበርና አለፍኩት።

ሁለተኛው ቤት ከባቡር ሐዲድ ድልድይ ሥር ነው። ባቡር ባለፈ ቁጥር ብርጭቆው ይንቀጠቀጣል፤ ጭሱ ዓይን ያቃጥላል፤ የምግብ ዝርዝሩ በእጅ ተጽፎ ቁርጥራጭ ወረቀት ላይ ግድግዳውን ሞልቷል። ዓርብ ስለሆነ እየጾምኩ ነው፤ የማየው ሁሉ ደግሞ ሥጋ ነው። እንግዲህ ኤዳማሜዬን ይዤ ላመሽ ነው ስል፣ ከጎኔ ክራባቱን ኪሱ ውስጥ የከተተ ሰውዬ ወደ ባለቤቱ ጮኸ፦

«ሺሮ! ሁለት!»

ጆሮዬ ቆመ። «ሺሮ» በጃፓንኛ «ነጭ» እንደሆነ አውቃለሁ፤ ነጭ የጾም ነገር ከሆነ ቶፉ፣ ያ ከአኩሪ አተር የሚሠራው አይብ መሳይ ነገር፣ መሆን አለበት ብዬ ደመደምኩ። ደግሞስ ቶኪዮ ላይ ዓርብ ማታ ሺሮ የሚል ድምፅ ሰምቶ ዝም የሚል የእኛ ሰው ማነው? እጄን አውጥቼ «ሺሮ፣ ሂቶትሱ!» አልኩ። ባለቤቱ «በመረቅ ወይስ በጨው?» አሉኝ። «በጨው» አልኩ፣ እንዳወቀ ሰው።

የመጣው እንጨት ላይ የተሰካ፣ የተጨማደደ፣ ጫፍ ጫፉ በእሳት የጠቆረ ነጭ ነገር ነው። ስቡ ሳህኑ ላይ ይንጠባጠባል። መሪያችንን ቀስ ብዬ ጠየቅኋቸው። «የአሳማ አንጀት ነው፤ እዚህ ቤት አሳምረው ይሠሩታል» አሉኝ።

አሳማ። ያውም ዓርብ። ባለቤቱ ከምድጃው ማዶ የመጀመሪያዋን ጉርሻ ሊያዩ ይጠብቃሉ። ልተወው ብል ነውር፣ ልብላው ብል ኃጢአት። «ኢኤ» ልል፣ ማለትም «አይ» ልል አፌን ስከፍት፣ መሪያችን እጄን ያዙኝ። «ያን ቃል ሰው ቤት አይሉትም። እኔ የማደርገውን አድርግ።» እጃቸውን ማጅራታቸው ላይ አደረጉ፣ አንገታቸውን ዘንበል አደረጉ፣ በጥርሳቸው መሃል አየር ሳቡ። «ስስስ... ሱሚማሴን፣ ቡታ ዋ ቾቶ...» ይቅርታ፣ አሳማ ትንሽ...

«ትንሽ ምን?» አልኳቸው።

«ምንም። እዚያ ላይ ነው የሚቆመው።»

እንዳሉኝ አደረግሁ። ማጅራቴን አከክሁ፣ አየር ሳብኩ፣ «ቾቶ» ብዬ አንጠልጥዬ ተውኩት። ባለቤቱ «ኣ፣ ሶ ካ!» አሉ፣ ሳህኑን አንሥተው ክራባቱን ለከተተው ሰውዬ ሰጡት፤ ደቂቃ ሳይሞላ ቀዝቃዛ ቶፉ ከዝንጅብል ጋር ከፊቴ ተቀመጠ። ለምን ብሎ የጠየቀኝ የለም። ሃይማኖት አላስረዳሁም፣ ሆዴን አመመኝ ብዬ አልዋሸሁም። በግማሽ አረፍተ ነገር ሙሉ እምቢታ ተናግሬ ወጣሁ።

ማንኪያዬን አንሥቼ ቶፉውን ቆረስ እንዳደረግሁ እጄ ቆመ። የጥርስ መሃል አየር። ዘንበል ያለ አንገት። «ቾቶ...» ማክሰኞ።

አደባባዩ ድረስ ሮጥኩ። ከምሽቱ ሦስት ሰዓት ሆኗል፤ አዲስ አበባ ገና ከቀኑ ዘጠኝ ነው። ባቡሩ ሥር ቆሜ ደወልኩ።

«ጋሼ፣ መኪናው ተነሣ እንዴ?»

«ምን ማለትህ ነው፣ ምሳ ሳይደርስ ነው የወጣው። አሁን አዳማን ሳይለቅ አይቀርም። ምነው ድምፅህ?»

«ያስቁሙልኝ። ጥፋቱ የእኔ ነው፣ እሺ አላሉም ነበር።»

ጋሼ ለአፍታ ዝም አሉ። «አንተ አይደለህ እንዴ ተስማምተዋል ብለህ የጻፍክልኝ?»

«እኔ ነኝ። ተንፍሰው ነበር፣ የተስማሙ መሰለኝ።»

ይህን ዓረፍተ ነገር ዛሬም ሳስታውሰው ፊቴ ይግላል። ጋሼ ግን የቆዩ ነጋዴ ናቸው፤ ስድባቸውን ለሌላ ቀን አስቀምጠው ሾፌሩን አገኙት። ኮንቴይነሩ ተመልሶ ሞጆ ደረቅ ወደብ ገባ። ወዲያው ለካቾ ደወልኩ። የቢሮ ትሕትና የሚጠይቀውን ረጅም ይቅርታ ለምኜ ስጨርስ፣ ከስልኩ ማዶ ለረጅም ጊዜ ምንም አልነበረም። ከዚያ «ያለህበት የሚሰማው የሺምባሺ ባቡር ነው?» አሉ። «ሃይ» አልኩ። «ሰኞ እንነጋገር» ብለው ዘጉ።

ሰኞ ቁጣ ጠብቄ ነበር፤ ቁጣ ይቀለኝ ነበር። እሳቸው ወንበር ስበው አስቀመጡኝና ምርመራውን ለምን እንደማይዘሉት ነገሩኝ። እ.ኤ.አ. በ2008 ከኢትዮጵያ በመጣ ቡና ላይ ከተፈቀደው በላይ የፀረ ተባይ ቅሪት ተገኝቶ ገበያው እንደወደቀ፣ እሳቸው ያኔ ጀማሪ ገዢ እንደነበሩ፣ ለደንበኞች ስልክ እየደወሉ «ሞካ የለም» ሲሉ እንደከረሙ። እዚያ አገር የእኛን ቡና ሞካ ነው የሚሉት፤ ሞካ ሲዳሞ፣ ሞካ ሐረር። «ያን ዓመት ስንቴ አንገቴን እንደደፋሁ አላውቅም» አሉኝ። ታዲያ ይህን ሁሉ ማክሰኞ ዕለት በአንዲት «ቾቶ» ውስጥ ሊነግሩኝ ሞክረው ነበር። እውነቱን ለመናገር ትንሽ ጥፋት የእሳቸውም ነው፤ ለባዕድ ሰው አንድ «አይሆንም» መጨመር አይገድልም። ግን ይህን ማን ይነግራቸዋል? እኔ ራሴ የምነግራቸው በቾቶ ነው።

ከዚያ ጠየቁኝ፦ «እናንተስ? አይሆንም ለማለት ምን ትላላችሁ?»

አስብ ጀመር። አባቴ ገንዘብ ሲበደሩት፣ የሰፈር ሰው መኪናውን ሲለምነው፣ የቀበሌ ሠራተኛ ጉዳይህን ሳይሠራልህ ሊሸኝህ ሲፈልግ። «እናያለን» አልኳቸው። «ትርጉሙ እንመለከተዋለን ነው።»

«ታዲያ ትመለከቱታላችሁ?»

«የለም።»

ካቾ ማስታወሻቸውን አወጡ፣ በካታካና ፊደል «ኤ-ና-ያ-ሬ-ን» ብለው ጻፉ። «ል» የላቸውም።

ኮንቴይነሩ ሞጆ 11 ቀን ቆየ። ውጤቱ ንጹሕ ሆኖ ወጣ፤ የማቆያውን ግማሽ ድርጅቱ ከፈለ፣ ግማሹን ጋሼ ቻሉት፤ እስካሁን በሆነ ባልሆነው ያነሡብኛል። እኔ በየወሩ ሺምባሺ መሄድ ያዝኩ። የአሳማ አንጀቱ ቤት ባለቤት ስገባ ሳልጠይቅ ቶፉ ያወጡልኛል፣ «ሺሮ?» እያሉም ይስቁብኛል። የእኛን ሺሮ በዱቄት ወስጄላቸዋለሁ፤ ምን እንዳደረጉበት አልነገሩኝም።

ባለፈው ክረምት ከጋሼ ጋር በስልክ ድምፅ ማጉያ ስለ ቀጣዩ ኮንትራት እንነጋገር ነበር። ካቾ የአንዱ ፓውንድ ቡና ዋጋ ትንሽ እንዲወርድ ጠየቁ፤ እኔ አማርኛውን አደረስኩ። ጋሼ ጉሮሯቸውን ጠረጉ።

«እንግዲህ... እናያለን» አሉ።

ልተረጉም ወደ ካቾ ዞርኩ። ብዕራቸውን አስቀምጠዋል። አንገታቸውን ዘንበል አድርገው እኔን እኔን እያዩ፣ በጥርሳቸው መሃል አየር ሳቡ።